ከሳሽ ባለመቅረቧ

ታኅሣሥ 4 ቀን 2017፣ ዓርብ

ይህን ደብተር ልጄ ብርቅዬ ከኩልመስክ በሰው እጅ ላከችልኝ። ቀጠሮ ስለሚምታታብሽ የሚሉሽን ሁሉ ጻፊው ብላለች። አራተኛ ክፍልን ከተውኩ ስንት ዘመኔ። ፊደሉ አልጠፋኝም፤ የዘገየው እጄ ነው።

ዋናው ይቅደም። ቀጠሮ ጥር 14፣ ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 3 ሰዓት። ከሳሹ ልጄ መልአኩ ነበር፤ ኅዳር 3 ሞተብኝ። የወራሽነት ወረቀቱ ትናንት ስለወጣ አሁን ከሳሽ እኔ ነኝ፤ ባንችይርጋ። ተከሳሹ ደግሞ እንዳለው የሚባለው ሰው ነው።

መዝገብ ቤት ያለው ልጅ ወረቀቱን ሲሰጠኝ፣ «እናቴ፣ በዚያን ቀን ካልቀረቡ መዝገቡ ይዘጋል። ሌላው ቢረሳዎት ይቺ አትርሳዎት» አለኝ። ይዘጋል ማለት ምን ማለት ነው ብዬ ጠየቅኩት። እንደ በር ነው አለኝ። በርማ ይከፈታል አልኩት። ሳቀና ሌላ ሰው ጠራ።

ታኅሣሥ 6፣ እሑድ

ሰው ሲጠይቀኝ ስለምደነጋገር ነገሩን በተራ ልጻፈው።

መልአኩ ድንጋይ ጠራቢ ነው። ነበረ። ከስድስት ሰዎች ጋር ሆኖ የእንዳለውን የእንግዳ ማረፊያ በጥርብ ድንጋይ ሊሠራ ተዋዋለ። ሁለተኛው ፎቅ ሲያልቅ እንዳለው ቼክ ጻፈለት፤ ሁለት መቶ አርባ ሺህ ብር። አብዛኛው የስድስቱ ሰዎች ደመወዝ ነው። መልአኩ ባንክ ሄደ፤ የለም አሉት። በሳምንቱ ሄደ፤ የለም። ሦስተኛ ሲሄድ ጀርባው ላይ ማኅተም መቱበት። «በቂ ስንቅ የለውም» ይላል። መጀመሪያ ሳነበው ያሾፉበት መስሎኝ ነበር። እኔ ስንቅ የማውቀው ሰው መንገድ ሲወጣ የሚቋጠርለትን ነው፤ ቆሎውን፣ በሶውን። ለካስ ወረቀትም ስንቅ ይፈልጋል።

መስከረም ላይ ከሰሰ። እኔን የሚያቃጥለኝ እንዳለው ለፍርድ ቤት የሰጠው መልስ ነው። ገንዘቡን በእጁ ቆጥሬ ሰጥቼዋለሁ፣ ቼኩ ለመያዣ ብቻ ነበር፣ ሳይመልስልኝ ቀረ ይላል። እንግዲህ ይህ እውነት ከሆነ የስድስቱን ሰዎች ላብ የበላው ልጄ ነው ማለት ነው። ከተማውም እንደዚያ እያለ ነው። ዳኛው አልተከፈለም ብለው በወረቀት ካልጻፉልኝ መልአኩ ሌባ እንደሆነ አፈር ውስጥ ይቀራል። ለብሩ ብዬ አይደለም። ብሩ የሰዎቹ ነው።

እንዳለው አበልጄ ነው። መልአኩን በአርባ ቀኑ ክርስትና ያነሳው እሱ ነው። ይህንንም ልጻፈው።

ታኅሣሥ 8፣ ማክሰኞ

ወፍጮ ቤት ወረፋ ይዤ ነበር። ነጠላዬን እስከ ዓይኔ ስለሸፈንኩ ከፊቴ ያሉት ሁለት ሴቶች አላወቁኝም። አንደኛዋ፣ አርባው ሳይወጣ ፍርድ ቤት የምትመላለስ እናት ምን ዓይነት እናት ናት አለች። ሌላዋ ሳቅ ብላ፣ «ብሩን የት እንደቀበረው ታውቃለቻ» አለች። ደግሞ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ ሥራው ከቆመ ወር አልፎት ፎቁ ላይ ምን ሊሠራ ወጣ አለች።

እህሌን ሳላስፈጭ ተመለስኩ።

የመወጣጫው እንጨት ተሰብሮ ነው ልጄ የወደቀው። ለፖሊሱም ለንስሐ አባቴም ነግሬያለሁ።

ታኅሣሥ 10፣ ሐሙስ

እንዳለው ለአርባው ብሎ አንድ ኩንታል ጤፍና ግማሽ ኩንታል ክክ በባጃጅ ላከ። ልመልሰው ብዬ ተነሳሁ። ጎረቤቴ ይማርሽ እጄን ያዘችኝ። ለነፍስ የመጣ አይመለስም፣ ያውልሽ ጓዳሽ፣ ምን ልታቀርቢ ነው አለችኝ። ጓዳዬ ባዶ ነበር። ተቀበልኩ።

ጆንያው ላይ ስሙ ተጽፏል። ስሙ ወደ ግድግዳው እንዲሆን አዙሬ አቆምኩት።

ታኅሣሥ 12፣ ቅዳሜ

አርባው ወጣ። ጾም ስለሆነ በክክ ወጥ ነው የሸኘነው። ሰው ብዙ ነበር።

ስድስቱ አልመጡም። አንዳቸውም። አድማሴ የሁሉም ታላቅ ነው፤ መልአኩን ድንጋይ መጥረብ ያስተማረው እሱ ነው። እሱ እንኳ ይመጣል ብዬ ቦታ ይዤለት ነበር።

ታኅሣሥ 13፣ እሑድ

እንዳለው ትናንት መጥቶ ነበር። ሰው ሁሉ እያየው አለቀሰ። ከልቡ ነው። እኔን የሚያስቸግረኝ ይኸው ነው። ክፉ ሰው ቢሆን ይቀለኝ ነበር። ጦርነቱ ከመጣ ወዲህ የውጭ እንግዳ ጠፍቶ ባንክም ቤቱን ሊሸጥበት ነው ይላሉ፤ ፊቱ አርጅቷል። ሲወጣ ጎንበስ ብሎ፣ «አበልጄ፣ ከምትከሽኝ ብትረግሚኝ ይሻለኛል» አለኝ። «እርግማን አልችልም፤ እኔ የማውቀው ቀጠሮ ብቻ ነው» አልኩት። ያልኩትን ሰው ሰምቶ ሳቀ። በልጄ አርባ ሰው አሳቅሁ።

ደግሞ ያንኑ የእሱን ጤፍ ነው ያበላሁት።

ብርቅዬ ወደ ኩልመስክ ከመመለሷ በፊት የመልአኩን ኮት ልጠበው አለች። አልሰጠኋትም። ያን ማክሰኞ ጎህ ሳይቀድ ነው የወጣው። የእንጨት መወጣጫውን ሊፈታ ይሆናል የሄደው፤ እንጨቱን ሸጦ ለሰዎቹ ትንሽ ሊሰጣቸው። እንደዚያ ነው የማስበው። ኮቱ ከታች ጥርብ ድንጋይ ላይ ተጣጥፎ ተገኘ። ኪሱ ውስጥ መታወቂያው፣ ስልኩና ቼኩ። ሥራ ሲሠራ ሞቆት አውልቆት ይሆናል።

ኅዳር ማለዳ ላይ እንኳ ሥራ ያሞቃል።

ታኅሣሥ 17፣ ሐሙስ

የቅሬያችን ጸሐፊ መጣ፤ ቅሬ የምንለው ቀባሪ ማኅበራችንን ነው። መልአኩ የወር መዋጮውን እስከ ሚያዝያ ድረስ ከፍሎ ነበር፣ ትርፉን እንመልስልሽ ወይስ በስምሽ ይዙር አለኝ። መቼ ነው የከፈለው አልኩት። ጥቅምት መጨረሻ ነው አለኝ። ለእኔ የሚሰጠኝ ሳንቲም ባልነበረው ጊዜ።

«እንዲህ አስቀድሞ የሚከፍል ወጣት አይቼ አላውቅም» አለ።

ጠንቃቃ ነበር አልኩት።

ታኅሣሥ 21፣ ሰኞ

ምስክር ለማስመዝገብ በድሩ ዘንድ ሄድኩ። በድሩ ከፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ላስቲክ ወጥሮ ማመልከቻ የሚጽፍ የወልድያ ሰው ነው። አፈኛ ነው። ቼክ ነው ስለው፣ «በዚህ ዓመት ከቼክ የምበላው እኔ ብቻ ነኝ። የጻፈውም አይበላ፣ የተቀበለውም አይበላ» አለኝ። በዚህ ዓመት ብቻ አሥራ አንድ የቼክ ክስ ጽፏል። ስንቱ ተፈረደ አልኩት። ሁለቱ። ሌላውስ? ሌላው ተዘጋ አለ። ግማሹ በሽምግልና፣ ግማሹ በድካም። ከሳሹ አንድ ቀን ይቀራል፣ ያቺ አንድ ቀን ትበቃለች አለኝ።

የእኔ ነገር ጥሩ ነው አለ። እንዳለው በእጁ ከከፈለ ስድስቱ ሠራተኞች ባገኙ ነበር፤ አለማግኘታቸውን ራሳቸው ይመስክሩ፣ መጥሪያውን ፍርድ ቤት ያደርስላቸዋል አለ። ስማቸውን አስጻፍኩ። አድማሴን፣ ጥሩሰውን፣ ሌሎቹንም። በአርባው ያልመጡ ሰዎች ለዚህ ይመጣሉ ብዬ አላምንም። ይህን ግን ለበድሩ አልነገርኩትም።

ታኅሣሥ 30፣ ረቡዕ

ገና አለፈ። ለበዓሉ በእግር የሚመጣው መንገደኛ ከአምናው ይሻል ነበር ይላሉ። እኔ ደጅ አልወጣሁም።

ዛሬ ውኃ ልቀዳ ስወርድ ጥሩሰው ከወጣቶች ጋር ቆሞ አየኝ። ከስድስቱ ምላሱ የሚከፋው እሱ ነው። ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ «እናቴ፣ ጥር 14 በሦስት ሰዓት ነው አይደል? አዲሱን ሱሪዬን ላስተኩስ?» አለኝ። አብረውት ያሉት ሳቁ። ጀሪካኑ ሳይሞላ ተመለስኩ።

ጥር 5፣ ሰኞ

ዛሬ ሽማግሌ መጣብኝ። የንስሐ አባቴ ቄስ ሞላልኝና የእንዳለው አጎት። ይማርሽም ነበረች።

ነገሩን የጀመሩት አጎትየው ናቸው። «አባትሽ ባንችይርጋ ብለው ስም ያወጡልሽ ነገር በአንቺ እንዲረጋ ነው» አሉኝ። «ባንችይታመስ አላሉሽም።» ሁሉም ሳቁ። እኔም ሳቅሁ፤ አፍሬ ነው።

ያመጡት ሐሳብ እንዲህ ነው። እንዳለው ከፋሲካ በኋላ እንግዳ መምጣት ሲጀምር በየወሩ በትንሽ በትንሹ ይከፍላል፤ እኔ ክሱን ልተው። ይህ በጽሑፍ ይሁን አልኩ። በአበልጅ መካከል ወረቀት ምን ያደርጋል አሉ። እሺ፣ ወረቀቱ ይቅር፤ ስድስቱን ሰዎች ሰብስቦ ለመልአኩ አልከፈልኩትም ይበላቸው፤ እኔ የምፈልገው ይህችን ብቻ ነው፤ ካላት ዛሬውኑ እተዋለሁ አልኩ። አጎትየው ጢማቸውን አሻሹ። እሷ እንኳ በኋላ ትታያለች አሉ። ከዚያ ስለ ገብሱ፣ ስለ ውርጩ አወሩ።

ቄስ ሞላልኝ አጎትየውን ሸኝተው ብቻቸውን ተመለሱ። መደቡ ላይ ተቀመጡ። መስቀላቸውን በሁለት እጃቸው ይዘዋል።

«ልጄ፣ ጠበቃ ይዟል» አሉኝ። «ጠበቃ ስለ ቼኩ ብቻ ጠይቆ አይቀመጥም። ልጁ ጨንቆት ነበር ወይ ይላል። ሥራ በሌለበት ቀን ለምን ወጣ ይላል። እንጨቱን ማን አየው ይላል።»

ደግሞ ቀጠሉ።

«እኔ ፍትሐት ያደረስኩት በአንቺ ቃል ነው። በአደባባይ ሌላ ቃል ከወጣ እኔም እጠየቃለሁ። እሱም ካረፈበት…» አሉና አልጨረሱትም።

እንጨቱ ተሰብሮ ነው አባቴ አልኳቸው። አውቃለሁ ልጄ፣ አውቃለሁ አሉኝ። መሬት መሬት እያዩ ነው ያሉኝ። ሊያስፈራሩኝ የመጡ አይመስለኝም። ፈርተው ነው የመጡት።

ጥር 6፣ ማክሰኞ

ቦታው ላይ መጀመሪያ የደረሰው አድማሴ ነው። እንጨቱ ተሰበረ ብሎ ለፖሊሱ የነገረው እሱ ነው፤ እኔም የሰማሁት ከእሱ ነው። እኔ ስደርስ ልጄን እንጂ እንጨቱን አላየሁም።

አላየሁም ማለት የለም ማለት አይደለም።

ጥር 8፣ ሐሙስ

ከትናንት ጀምሮ ይህንኑ ነው የማሰላስለው። አድማሴ ምስክር ሆኖ ይቆማል። ያስምሉታል። ስለ ብሩ ይጠየቃል፤ ከዚያ ጠበቃው ስለ እንጨቱ ይጠይቀዋል። ደመወዙን ያልበላ ሰው ነው። በአርባው ያልመጣ ሰው ነው። በእግዚአብሔር ስም ከማለ በኋላ ምን ይላል? ስሙን ለበድሩ ያስጻፍኩት እኔው ነኝ። በገዛ እጄ።

እንዲህ ካልኩ በኋላ ደግሞ ምን አስፈራሽ፣ እንጨቱ ተሰብሮ ከሆነ ተሰበረ ይላል እንጂ ሌላ ምን ይላል እላለሁ።

ጥር 12፣ ሰኞ

ጥምቀት አለፈ። ብርቅዬ ደወለች። እማ፣ ረቡዕ ነው፣ ልምጣና አብሬሽ ልቁም አለችኝ። መንገዱ አያስተማምንም፣ ልጆችሽን ለማን ትጥያለሽ አልኳት። ብቻሽን ትችያለሽ አለች። አሥር ደቂቃ መንገድ ነው፣ እንዴት ያቅተኛል አልኳት።

ጥር 13፣ ማክሰኞ

ነጠላዬን አጥቤ አሰጣሁ። መታወቂያዬን፣ ቼኩንና የወራሽነቱን ወረቀት በፌስታል ጠቅልዬ በራስጌዬ አኑሬያለሁ። ነገ 3 ሰዓት።

ጥር 14፣ ረቡዕ

አልሄድኩም።

ጥር 15፣ ሐሙስ

ትናንት ራሴን አሞኝ ነበር።

ትንሽ።

ብርቅዬ አራት ጊዜ ደወለች። አላነሳሁም።

ጥር 20፣ ማክሰኞ

መዝገብ ቤት ሄድኩ። ያ ልጅ ሲያየኝ እንደ ልማዱ አልሳቀም። ወረቀቱን አውጥቶ በመስኮቱ ሰጠኝ። ቀስ ብዬ ልገልብጠው። «ከሳሽ ባለመቅረቧ፣ ተከሳሽ ከነጠበቃው በመቅረቡ፣ መዝገቡ ተዘግቷል።» ይኸው ነው። ስለ ቼኩ አንድም ቃል የለም። ስለ መልአኩም የለም። ተከፈለም አልተከፈለም አይልም። የእኔ መቅረት ብቻ ነው የተጻፈው።

በር ነው ብለኸኝ ነበር አልኩት። ነው፤ በአንድ ወር ውስጥ በቂ ምክንያት አቅርበው ከማሉ ይከፈታል፣ ከየካቲት 14 ካለፈ ግን አበቃ አለኝ። በቂ ምክንያት ምን ዓይነት ነው አልኩት። ሕመም፣ ሞት፣ የመንገድ መዘጋት፣ ማስረጃ ያለው ነገር አለ።

ሞት ካልክ እኔም ቤት ነበረ ልለው ብዬ ተውኩት። ልጁ ምን አጠፋ።

ጥር 28፣ ረቡዕ

ለብርቅዬ ታምሜ ነበር አልኳት። ምንሽን አለችኝ። ራሴን አልኳት። «እማ፣ እኔንም ትዋሺኛለሽ?» አለች። መስመሩ ተቋረጠ። ወይም ዘጋችው።

የካቲት 3፣ ሰኞ

በድሩ ዘንድ ሄድኩ። ከሩቅ እንዳየኝ ራሱን ያነቃንቅ ጀመር። ያን ቀን የት ገባሽ፣ ያ ሁሉ ሰው እዚህ ቆሞ ሲል አቋረጥኩት። የሰው ወሬ አልሰማም፣ የመጣሁት ለማመልከቻ ነው አልኩት።

ወረቀት አውጥቶ ብዕሩን አሻሸ። ሕመም እንበል? የጤና ጣቢያ ካርድ አለሽ? የለኝም። ሐዘን እንበል? አርባው ወጥቷል ይሉናል። መንገድ? ቤትሽ ከዚህ ይታያል። ብዕሩን አስቀመጠው።

«እናቴ፣ እውነተኛውን ምክንያት ስጭኝ። እኔ ልብስ አለብሰዋለሁ። ሥራዬ ይኸው ነው» አለኝ።

ቆሜ አሰብኩ። እስቲ ቤቴ ሄጄ ራሴ እሞክረዋለሁ አልኩት። ሃምሳ ብር ልሰጠው ስል እጄን መለሰው። ያልጻፍኩትን አልበላም አለ።

የካቲት 9፣ እሑድ

ክቡር ፍርድ ቤት ሆይ፤ በዕለቱ ያልቀረብኩት ስለታመምኩ ነው። ሰረዝኩት። አስምለው ቢጠይቁኝስ።

ክቡር ፍርድ ቤት ሆይ፤ ያልቀረብኩት ተከሳሹ አበልጄ ስለሆነ ነው። ሰረዝኩት። ስከስስ አበልጄ አልነበረም ወይ?

ክቡር ፍርድ ቤት ሆይ፤ ያልቀረብኩት ሽማግሌ ስለገባ ነው። ይህ ግማሽ እውነት ነው። ምን ተስማማችሁ ይሉኛል። ምንም።

ክቡር ፍርድ ቤት ሆይ፤ ያልቀረብኩት ስለፈራሁ ነው።

ይህን ሳልሰርዘው ብዙ ቆየሁ። ማንን ፈራሽ ይሉኛል። እንዳለውን አይደለም። ዳኛውንም አይደለም። ምንን ሲሉኝ ምን እላለሁ? ሰረዝኩት። ወረቀቱ ተቀደደ።

የካቲት 11፣ ማክሰኞ

ይማርሽ የሰማችውን አመጣችልኝ። ልትነግረኝ አልፈለገችም፤ እኔ ነኝ ያስወጣኋት። እንዳለው ጠጅ ቤት ተቀምጦ ስለ ክሱ ሲጠይቁት፣ እሷም ልጇ እንደበላው ስታውቅ ቀረች ብሏል። ሰውም እህ ብሎ ተቀበለው። እውነት ቢኖራት ትቀር ነበር ወይ ተባለ።

እንግዲህ በራሴ መቅረት ነው ያስመሰከርኩበት። ቢፈረድበት እንኳ ዳኛ ነው የፈረደው ይባል ነበር። አሁን እናቱ ፈረደችበት።

ሁለት ነገር ነበረኝ። ስሙና ዕረፍቱ። አንዱን ልሸፍን ብዬ ሌላውን ገለጥኩት። የትኛው ይበልጣል? ማንን ልጠይቅ? ቄስ ሞላልኝን እንዳልጠይቅ እሳቸውም በዚሁ ነገር ውስጥ ናቸው።

የካቲት 14፣ ዓርብ

የመጨረሻው ቀን።

ታምሜ ነበር የሚለውን በጥሩ ወረቀት ገልብጬ ይዤ ሄድኩ። ከምሳ በፊት ደረስኩ። መስኮቱ ፊት ለፊት ካለው አግዳሚ ላይ ተቀመጥኩ። ሰው ገባ፣ ሰው ወጣ። አንድ የፍላቂት ገበሬ ከጎኔ ተቀምጦ ስለ ድንበር ክሱ ሲያጫውተኝ ዋለ። ዘጠኝ ዓመት ተመላልሷል። አንድ ቀን ቀርተህ ታውቃለህ አልኩት። ሚስቴ የወለደች ቀን እንኳ አልቀረሁም አለኝ።

አንዴ ተነስቼ መስኮቱ ድረስ ሄድኩ። በሐሰት የምምልበት መጽሐፍ ውስጥ ጠረጴዛው ላይ ይታያል። ተመልሼ ተቀመጥኩ።

በ11 ሰዓት ልጁ መስኮቱን ሊዘጋ መጣ። «እናቴ፣ የሚያስገቡት ነበር?» አለኝ።

የለም፣ አርፌ ነው አልኩት።

የካቲት 16፣ እሑድ

ዛሬ ኪዳነ ምሕረት ናት፤ ነገ ዐቢይ ጾም ይገባል። የሆነውን እንደሆነ ልጻፈው።

ባሕር ዛፌን ለነጋዴ ሸጥኩት። የመልአኩ አባት የተከለው ነው። ዋጋው የሰዎቹን ሩብ አይሞላም። ቢሆንም ባዶ እጄን ከምሄድ ብዬ፣ ከቤተ ክርስቲያን ስወጣ ቀጥታ አድማሴ ቤት ሄድኩ። ደጁ ላይ ፀሐይ ይሞቅ ነበር። ሲያየኝ ብድግ አለ። ሚስቱ አጎዛ አነጠፈችልኝና ወደ ውስጥ ገባች።

ስመጣ በመንገድ ያዘጋጀሁት ንግግር ነበረኝ። ሁሉም ጠፋኝ። «አድማሴ፣ ልጄ አልበላባችሁም» አልኩት።

«እሱን ማን አጣው» አለኝ።

ገንዘቡን አወጣሁ። ለስድስታችሁም አካፍላቸው፣ የቀረውን እግዜር ሲሰጠኝ አልኩት። ቆጥሮ ሳይሆን እንዲሁ አይቶ ተቀበለኝ። «እምቢ አልልሽም፤ ልጆች አሉኝ» አለ። ደስ አለኝ። እምቢ ቢለኝ መሬት ትውጠኝ ነበር።

ታዲያ ካወቃችሁ በአርባው ለምን ቀራችሁብኝ አልኩት።

የመለሰልኝን ሳልጨምር ሳልቀንስ እጽፈዋለሁ።

«በየትኛው ዓይናችን እንይሽ፣ የመልአኩ እናት? ሰኞ ማታ ስድስታችንም ሄደንበት ነበር። ደመወዛችንን አምጣ ብለን ጮኽንበት። ጥሩሰው ሌባ አለው። ቼኩን አውጥቶ አሳየን፤ ወረቀት አንበላም አልነው። እኔ ነኝ ወረቀት አንበላም ያልኩት። በማግስቱ ነው።»

ነጠላዬን ወደ ፊቴ ሳብኩ።

«እንጨቱን የሰበርኩት እኔ ነኝ» አለ። «ፖሊስ ሳይመጣ፣ በመዶሻዬ። ሌላ ምን ላድርግለት። ስድስታችንም አንድ ቃል ይዘናል። ለዳኛውም ያንኑ ልንል ነበር፤ የሐሰት መሐላው ኃጢአት በእኛ ላይ ይሁን ብለን ተማምለናል። ዕዳችን ነው።»

ልትሉ ነበር? አልኩት።

«ጥር 14 ስድስታችንም ቀርበን ነበር እኮ» አለኝ። «አልሰማሽም?»

አልሰማሁም አልኩት።

ያን ቀን አንዱም ሥራ አልገባም። ጥሩሰው ሱሪውን አስተኩሶ ነበር አለ። በ3 ሰዓት አስጠሪው ወጥቶ ስሜን ጠራ። ቆይቶ ደግሞ ጠራ። የእንዳለው ጠበቃ ሰዓቱን እያየ ይስቃል። ሦስተኛ ሲጠራ ጥሩሰው ከኋላ ተነሳና መንገድ ላይ ናት፣ አሁን አይቻት ነው የመጣሁት አለ። ዳኛው አመኑት። ቆዩልኝ፤ እስከ 4 ሰዓት ቆዩልኝ። ጥሩሰው ሁለት ጊዜ እስከ አስፋልቱ ወርዶ እያየ ተመለሰ።

ያን ሰዓት እኔ በሩን ከውስጥ ቀርቅሬ ጥጥ እፈትል ነበር። ያን ቀን ብዙ ፈትያለሁ።